ከፍቺው በፊት ሥዕሉን እንየው

ለአዘጋጁ፦

ስለ ሱሪያሊዝም (ህልም መሰል ምስሎችን የሚሥል የሥነ ጥበብ ስልት) ሥዕሎችና ስለ ህልም ምስሎቻቸው ያወጣችሁት ጽሑፍ ለእያንዳንዱ ነገር አንድ ፍቺ ሰጥቶታል። ጉንዳን ሞት ነው፣ ሰዓት ጊዜ ነው፣ የተሸፈነ ፊት ሐዘን ነው ይላል። በዚህ አልስማማም። ህልም እንደ ፈቺው ነው ሲባል የኖረው በከንቱ አይደለም።

የቤልጅየማዊውን ሠዓሊ የሬኔ ማግሪትን «ፍቅረኞቹ» እንውሰድ። እ.ኤ.አ. በ1928 የተሣለ ነው። ሁለት ሰዎች ይሳሳማሉ፤ ራሳቸው ግን በጨርቅ ተጠቅልሏል። ብዙዎች ጨርቁን ከሠዓሊው እናት ሞት ጋር ያያይዙታል። እናቱ በ1912 ወንዝ ውስጥ ሰጥማ ስትሞት እሱ ገና የ13 ዓመት ልጅ ነበር። ታሪኩ አንጀት ይበላል። ማግሪት ራሱ ግን እንዲህ ያለውን ማብራሪያ አይወደውም ነበር። ሠዓሊው ያልተቀበለውን ፍቺ እንደ ቁርጥ መልስ ማቅረብ ተገቢ አይመስለኝም።

የተዘጋጀ ፍቺ ደግሞ ዓይንን ያሰንፋል። የሳልቫዶር ዳሊን የ1931 ሥዕል፣ «የትዝታ ጽናት»ን፣ ልብ ብላችሁ እዩት። ሦስቱ ሰዓቶች እንደ ሊጥ ተልፈስፍሰዋል፤ አንዱ ቅርንጫፍ ላይ ተንጠልጥሏል። ጉንዳኖቹ የወረሩት ግን ያልቀለጠውን፣ ክዳኑ የተዘጋውን ብርቱካንማ ሰዓት ነው። ለምን እሱን ብቻ? «ሰዓት ማለት ጊዜ ነው» ብሎ ያለፈ ሰው እዚህ ጥያቄ ላይ አይደርስም። ከበስተኋላ ያሉት ገደሎችም ከህልም አልመጡም፤ ዳሊ ጠንቅቆ የሚያውቀው የስፔኗ ካታሎኒያ ባሕር ዳርቻ ናቸው።

በሚቀጥለው ዕትም አንድ ሥዕል ብቻ ምረጡና ሙሉ ገጽ ስጡት። የዳሊው 24 በ33 ሴንቲ ሜትር ስለሆነ ጋዜጣ ላይ በልኩ ይገባል። ትንታኔውን ወደ ቀጣዩ ገጽ አሳልፉት።

የዘወትር አንባቢያችሁ