ሰባ ሰው ይዘህ ቁንዱዶ?

ይድረስ ለወዳጄ፣

ለጤናህ እንዴት ነህ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ድሬም ሙቀቷን ይዛ አለች። ከተጻጻፍን ስንት ዘመን ሆነን! ማን ቀድሞ ዝም እንዳለ ስንገናኝ እንጣላበታለን። አሁን ብዕር ያስነሱኝ እናትህ ናቸው። ገንደ ቆሬ ቲማቲም ሲያስመዝኑ አገኘኋቸው። «ልጄ በጥቅምት ሰባ የመሥሪያ ቤት ሰው ይዞ ቁንዱዶ ተራራ ላይ ሊያድር ነው፤ አልነገረህም እንዴ?» አሉኝ። አቦ፣ እንዲህ ያለውን ወሬ ከገበያ ልስማ?

ኑ፣ ደስ ይለኛል። ግን ሰባ ሰው አንድ ላይ ሰርግ እንጂ ጉዞ አይደለም። ከፋፍላቸው። በውጭ አገር በተከለሉ ብዙ ዱሮች አንድ ቡድን ከ12 ወይም ከ15 ሰው እንዲበልጥ አይፈቀድም። አንተም ስድስት ቦታ አድርጋቸው። እያንዳንዱ ቡድን የራሱ መሪ፣ የራሱ ውኃ፣ የራሱ ስንቅ ይኑረውና እየተራራቀ ይነሳ። እኔን ብትሰማኝ ግማሾቹን በሌላ ሳምንት ታመጣቸው ነበር።

ብዙ ሰው አብሮ ሲወጣ የሚሆነውን ልንገርህ። ፊት ያሉት ጎረምሶች ጥላ ያገኙና ይቀመጣሉ። ውኃ ይጠጣሉ፣ ፎቶ ይነሳሉ። ኋላ የቀሩት እያለከለኩ ሲደርሱ «በሉ እንሂድ» ተብሎ ይነሳል። ጉልበት ያለው አርፎ፣ የደከመው ሳያርፍ መንገዱ ይቀጥላል። ከሰዓት በኋላ እግሩ የሚጠመዘዘው፣ ራሱን የሚያዞረው ያ ያላረፈው ሰው ነው። ስለዚህ ቀርፋፋውን ከመሪው ቀጥሎ አሰልፈው። የዕረፍት ሰዓት የሚቆጠረው የመጨረሻው ሰው ቁጭ ካለ በኋላ ይሁን። ከኋላ የሚዘጋው ሰው ደግሞ የማይሰለችና የማያሽሟጥጥ መሆን አለበት። እንዲህ ያለ ሰው ከጉልበተኛው ይልቅ ብርቅ ነው።

ቆጠራም አለ። «ሁሉም አለ?» ብለህ ብትጮህ «አለ!» ይሉሃል። ጓደኛውን «ከፊት ሄዷል» ብሎ የሚመሰክርም አይጠፋም። ጓደኛው ቁጥቋጦ ሥር ተቀምጦ ነው። መንገድ በተከፈለ ቁጥር የየቡድኑ መሪ ቆሞ ፊት እያየ ይቁጠር።

ውኃውን አስላው። ለአንድ ሰው በቀን 4 ሊትር ካልን ሰባው 280 ሊትር ይፈልጋል፤ ባለ 20 ሊትሩ ጄሪካን 14 ማለት ነው፣ ያውም ለአንድ ቀን። አህያ ቀድመን እንከራያለን። ከቀበሌውና ከሽማግሌዎቹ ጋር እኔ አወራለሁ፤ ያንተ ኦሮምኛ እንደሆነ ዝጓል። ምንጩ የአገሬው ሰውና የከብቱ ስለሆነ ማንም አይታጠብበትም። ለየቡድኑ አንዳንድ ትንሽ ዶማ ያስፈልጋል። መጸዳዳት የፈለገ ከውኃው 60 ሜትር ያህል ይርቃል፣ ከ15 እስከ 20 ሳንቲሜትር ይቆፍራል፣ ሲጨርስ አፈሩን ይመልሳል። አለቆችህም ጭምር! እንጨት አንቆርጥም፤ የምናበስለው በቡታጋዝ ነው።

እናትህ ስለ ትልቅ ስፒከርም ነግረውኛል። እሱን ተወው። ላይ ያለው ሜዳ ባለቤት የሌላቸው ፈረሶች የሚግጡበት ነው። ሰባ ሰው ማየታቸው ራሱ ይበቃቸዋል። በስፒከሩ ፈንታ ጋቢና ጃኬት አስይዛቸው። ድሬ 1,200 ሜትር ላይ ናት፣ ቁንዱዶ ግን ወደ 3,000 ይጠጋል። ቅዝቃዜው ከ10 ዲግሪ በላይ ይለያያል። በቲሸርት የመጣ ሌሊቱን ሙሉ ጥርሱን ሲያንቀጫቅጭ ያድራል።

በመልስ ኤረር ሸለቆ፣ የወንዙ አሸዋ ላይ ድንኳን እንተክላለን ማለትህንም ከእናትህ ሰምቻለሁ፤ እሱ ግን ይቅር። የደቻቱ ልጅ ሆነህ እንዴት አሰብከው? በ1998 ክረምት እዚሁ ድሬ፣ በደቻቱ ወንዝ በሌሊት የመጣው ጎርፍ ከሁለት መቶ በላይ ሰው ጨርሷል። ጥቅምት ደረቅ ነው ትለኝ ይሆናል። ላይ ተራራው ላይ ዝናብ ጥሎ እንደሆነ ታች የተኛ ሰው በምን ያውቃል? ሰማዩ ኮከብ በኮከብ ሆኖ ወንዙ ሊሞላ ይችላል። ከፍ ያለ ቦታ እፈልግላችኋለሁ።

እስከ መስከረም መጨረሻ የሰዎቹን ዝርዝር ላክልኝ። አስም፣ ስኳር፣ ደም ግፊት ያለበትን ለይተህ ጻፍ። እናትህ ደግሞ ሰባውንም ቤታቸው ምሳ ሊያበሉ ቆርጠዋል። እሱን አንተው ተነጋገር፣ እኔ አልገባበትም።

ወንድምህ፣ ከድሬ ዳዋ