ጥርስ ስላለው ባቡር ለአባቴ

ይድረስ ለምወድዎ አባቴ፤

እንዴት ሰንብተዋል አባባ? ጉልበትዎ እንዴት ነው? እማዬስ ደህና ናት? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። የባሕር ዳር ሙቀት በረታብን እንጂ ሌላ ክፉ ነገር የለም።

ባለፈው ስልክ ስንነጋገር «ባቡር ገደል ይወጣል ወይ?» ብለው ጠይቀውኝ ነበር። ኔትወርኩ እየተቆራረጠ የመለስኩልዎት ግማሹም አልተሰማዎትም። መነጽርዎን አድርገው ረጋ ብለው እንዲያነቡት ብዬ ጻፍኩት። ደግሞ ነገሩ እኔ ከማስተምረው ትምህርት ይልቅ ለእርስዎ ሙያ ይቀርባል።

አዎ፣ ይወጣል። ተራው ባቡር ግን አይደለም። የብረት ጎማ በብረት ሐዲድ ላይ ያንሸራትተዋል። ተራ ባቡር በ100 ሜትር ጉዞ 3 ወይም 4 ሜትር ከፍ በል ከተባለ ይጨነቃል። ለተራራ የሚሠራው ባቡር በሁለቱ ሐዲዶች መሐል ጥርስ ያለው ሌላ ብረት ይነጠፍለታል። ከባቡሩ ሆድ ሥር ያለው ፒኞን፣ ማለትም ጥርስ ያለው ክብ ብረት፣ ያንን ጥርስ እየነከሰ ይወጣል። ጋራዥ ውስጥ በዘይት እጅዎ ሲያገላብጡት የኖሩት ፒኞን ማለቴ ነው፣ መጠኑ ብቻ ይተልቃል።

ሐዲዱ ብዙ ጊዜ ጠባብ ነው። ስዊዘርላንድ ያሉት የጎርነርግራትና የዩንግፍራው ባቡሮች ሐዲድ ስፋቱ 1 ሜትር ነው። የድሮው የለገሃር ባቡርም እንዲሁ 1 ሜትር ነበር። የፒላቱሱ ደግሞ 80 ሴንቲ ሜትር ብቻ። ጠባብ ሐዲድ በአጭር ኩርባ ይታጠፋል፣ የሚፈለፈለው ዓለትም ያንሳል።

ፒላቱስ የሚባለው ተራራ ላይ ያለው ከሁሉም ይገርመኛል። በጣም በሚከፋው ቦታ በ100 ሜትር አግድም 48 ሜትር ሽቅብ ይወጣል። በዓለም ላይ እንደሱ ቀጥ ያለ ዳገት የሚወጣ ባለ ጥርስ ባቡር የለም። እዚያ ላይ የተለመደው ፒኞን አያዋጣም፤ ከጥርሱ ላይ ተንሸራቶ ሊወጣ ይችላል። ኤድዋርድ ሎኸር የሚባል መሐንዲስ መፍትሔ አገኘለት። ጥርሱን ከመሐለኛው ብረት አናት ላይ አንስቶ በግራና በቀኝ ጎኑ አደረገው። ፒኞኖቹን ደግሞ አስተኛቸውና ጥንድ ጥንድ እየሆኑ ብረቱን ከሁለቱም ጎን ጥርቅም አድርገው እንዲይዙት አደረገ። ከሥራቸው ያለው ክፈፍ ባቡሩ ከሐዲዱ እንዳይነሳም ይይዘዋል። እንዲህ ሆኖ በፈረንጆች አቆጣጠር በ1889 ተከፈተ። ያኔ በእንፋሎት ነበር የሚሄደው፤ በ1937 በኤሌክትሪክ ተተካ። በእንፋሎቱ ጊዜ ከአንድ ሰዓት በላይ ይፈጅ የነበረው ዳገት በኤሌክትሪኩ ወደ 30 ደቂቃ ወረደ።

ቁልቁለቱ ግን 40 ደቂቃ ገደማ ይፈጃል። ይህን ሳነብ እርስዎ ትዝ አሉኝ። ሰው ሁሉ ዳገቱን ይፈራል፤ እርስዎ ግን ዘወትር «መኪና የሚያሳየው ሲወርድ ነው» ይሉን ነበር። ከደጀን ወደ አባይ ድልድይ ሲወርዱ፣ ኤን ትሬ የጭነት መኪናዋ ጭነቷን ጭና፣ ገደሉ ከ1 ሺህ ሜትር በላይ ከሥር አፉን ከፍቶ፣ ረዳቱ ታኮውን ታቅፎ። ማታ ቤት ሲገቡ ጃኬትዎ የተቃጠለ የፍሬን ሸራ ይሸት ነበር። እማዬ ሽታው ሲበረታ ምንም ሳትናገር ትንሽ ትቆምና ውሃ ታቀርብልዎታለች። ያ ሽታ ምን ማለት እንደሆነ የገባኝ ሞተር ማስተማር ከጀመርኩ በኋላ ነው። መኪናው ከፍታ ላይ በመውጣቱ ያጠራቀመው ጉልበት፣ በፍሬን ብቻ ከወረዱ፣ ወደ ሙቀት ተለውጦ በሸራው ላይ ያልቃል። ሸራው ያንን መሸከም ሲያቅተው ፍሬን አልይዝ ይላል።

የእርስዎ ሕግ ደግሞ አንድ ነበር፦ በወጣህበት ማርሽ ውረድ። ሞተሩ ይያዝህ፣ ፍሬንህን አስተርፈው። እነዚያ ባቡሮች የተሠሩት በዚሁ ሕግ ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

የጎርነርግራቱ ባቡር በ1898 ሲከፈት የተገጠመለት ወፍጮ ቤት እንዳለው ዓይነት ባለ ሦስት ፌዝ ሞተር ነው። ከላይ ሁለት ሽቦ አለ፤ ሦስተኛው ራሱ ሐዲዱ ነው። የዚህ ሞተር ፍጥነት በሚመጣው ኤሌክትሪክ ልክ የተወሰነ ነው። ሽቅብ ሲሆን ከልኩ ትንሽ ይዘገያል፣ ኤሌክትሪክም ይበላል። ቁልቁል ሲሆን የባቡሩ ክብደት ሞተሩን ከልኩ በላይ ሊያስሮጠው ይገፋዋል። ያን ጊዜ ነገሩ ይገለበጣል። ሞተሩ ጄኔሬተር ይሆንና ባቡሩን አንቆ ይይዘዋል፣ የሚያመነጨውንም ኤሌክትሪክ ወደ ሽቦው ይመልሳል። በዚያው ሰዓት ከታች የሚመጣ ሌላ ባቡር ካለ ያንን እየበላ ይወጣል። የሚወርደው የሚወጣውን ያግዘዋል ማለት ነው፣ አባባ! በእርስዎ ጃኬት ላይ ሽታ ሆኖ የቀረው ጉልበት እዚያ ሥራ ይሠራል። ተማሪዎቼን ይህን ሳስተምር አንድም ቀን ሰልችቶኝ አያውቅም።

ደግሞ በሞተሩ ብቻ አይታመኑም። ሞተሩ ቢከዳ ፒኞኑን ራሱን የሚይዝ ሌላ ፍሬን አለ። ፍጥነቱ ከተፈቀደው ካለፈ ሾፌሩ ባይነካውም ራሱ የሚይዝ አለ።

የዩንግፍራውን በአጭሩ ልንገርዎ። በ1896 ቁፋሮው ተጀምሮ በ1912 ነው ያለቀ። አብዛኛው መንገድ በዓለት ውስጥ የተቦረቦረ ዋሻ ነው። ሐሳቡን ያመጣው ሰው አዶልፍ ጉየር ዜለር ፍጻሜውን ሳያይ በ1899 ሞተ። የመጨረሻው ጣቢያ 3,454 ሜትር ላይ ነው፣ ዙሪያው በረዶ ብቻ። የእኛ ጮቄ ከዚያም ይበልጣል፤ እኛ ጋ ግን በዚያ ከፍታ ገብስ ይታጨዳል።

ለአባይ በረሃ ይሆናል ወይ ካሉኝ፣ ለሲሚንቶና ለማዳበሪያ ጭነት አይሆንም ባይ ነኝ። ቀስተኛ ነው፣ የሚይዘውም ትንሽ ነው። የሚሠሩትም በብዛት ሰው ለማመላለስ ነው። ልቤ የሚሄደው ወደ ሌላ ነው። ስፔን ውስጥ፣ በካታሎኒያ ተራሮች፣ ኑሪያ የሚባል ሸለቆ አለ። የእመቤታችን ስም የሚጠራበት፣ ሰው ለበረከት የሚሄድበት ቦታ ነው። ድሮ በእግርና በበቅሎ ነበር የሚወጣው። እስከ ዛሬም የመኪና መንገድ የለውም። በ1931 ግን 12 ኪሎ ሜትር ተኩል የሚሆን፣ ሐዲዱ 1 ሜትር የሆነ የኤሌክትሪክ ባቡር ተሠራለት፤ ዳገቱ በሚከፋበት ባለ ጥርሱን ሐዲድ እየነከሰ ከ1 ሺህ ሜትር በላይ ሽቅብ ይወጣል። የአባይ ገደል ያህል ከፍታ ማለት ነው። ከገደሉ ሥር ካሉት ቀበሌዎች ነፍሰ ጡር በቃሬዛ ተሸክመው ሲወጡ አይተን የለ? ለእንዲህ ዓይነት ቦታ ነው የምመኘው። ኤሌክትሪኩን አባይ ራሱ ይሰጠናል። ገንዘቡ ከባድ መሆኑን አውቃለሁ፤ ምኞቴን ግን ከእርስዎ አልደብቅም።

አሁን ደግሞ አንድ ነገር ልለምንዎ። ወንድሜ ሲኖ መንዳት ከጀመረ ወዲህ በዚያው ቁልቁለት ይመላለሳል። አዲሱ ድልድይ አለ፣ አስፋልቱም ደህና ነው እያለ ይኮራብኛል። ቁልቁለቱ ግን ያው ቁልቁለት ነው። እኔ ብነግረው የክፍል ትምህርት ይመስለዋል። እርስዎ ይንገሩት። የቱ ኩርባ ላይ ማርሽ እንደሚቀንሱ፣ አስፋልቱ በዝናብ ሲርስ ምን እንደሚያደርጉ፣ ፍሬን ሲሞቅ የት ዳር ይዘው እንደሚያሳርፉ አንድ በአንድ ያስረዱት። ቢቻል አብረውት ተቀምጠው አንዴ ይውረዱ፤ ጉልበትዎ ከፈቀደ።

ስለ ጉልበትዎ ደግሞ ለመስቀል ስመጣ ደብረ ማርቆስ ሐኪም ዘንድ አብረን እንሄዳለን። «ለእርጅና መድኃኒት የለውም» እንዳይሉኝ። እማዬን ሳሙልኝ። በርበሬው ደርሶኛል በሏት።

አክባሪ ልጅዎ፣
ከባሕር ዳር