ጓሳው ይቆይ፣ ልጁም ድርሻውን ያግኝ

ይድረስ ለውድ አባቴ፤

ለጤናዎ እንደምን ከርመዋል? እማዬስ፣ ጉልበቷን ይዟት የነበረው ለቀቃት ወይ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ልጆቹም ደህና ናቸው፤ ትልቋ ዘንድሮ የስምንተኛ ክፍል ፈተና ስላለባት ከደብተሯ አትነሣም።

አባባ፣ «ወረዳው ስለ ጓሳው መታረስ የሽማግሌዎችን ቃል ሲጠይቅ ምን ልበል?» ብለው ስለ መንዙ የጋራ ሣር ሜዳችን የጠየቁኝን ነገር በስልክ ልመልስልዎ አልቻልኩም። መስመሩ ይቆራረጣል፤ እርስዎም አጠገብዎ ሰው ስለነበረ መሰለኝ ድምፅዎን ዝቅ አድርገው ነበር። ነገሩ በጥድፊያ የሚያልቅ ስላልሆነ ቁጭ ብዬ ጻፍኩት። ደብዳቤውን ወንድሜ ራሱ ያንብብልዎ። ከእርሱ ተደብቆ የሚነገር ነገር አልጻፍኩም።

በቀበሌው ስብሰባ ላይ «መሬት የለንም፤ የጓሳው ዳር ዳር ተሸንሽኖ ይሰጠን» ብሎ ቀድሞ የተነሣው የእርስዎ ልጅ መሆኑ እንዳሳፈረዎ ገብቶኛል። ዕድሜዎን በሙሉ ስለ ጓሳ ሲሟገቱ ኖረው፣ አሁን ከጉያዎ የወጣ ልጅ «ይታረስ» ሲል መስማት ይከብዳል። እኔ ግን አላፈርኩበትም። ሠላሳ ዓመት የሞላው፣ ጉልበት ያለው፣ በሬ ጠምዶ የሚውለው በአባቱ ማሳ ላይ ብቻ የሆነ ሰው በአደባባይ ቆሞ «እኔስ?» ቢል ነውር የለበትም። የዚያን ዕለት «ሰነፎች ናቸው፤ ከተማ ሄደው ይሥሩ» ያሉትን ግን እባክዎ አይድገሙት። እርስዎ በእርሱ ዕድሜ የራስዎ እርሻ ነበረዎት።

ያ እርሻ እንዴት እንደ ደረስዎ ደጋግመው አጫውተውናል። የካቲት 25 ቀን 1967 አዋጁ ወጣ፤ የገጠር መሬት የሕዝብ ሆነ፤ ቢያንስ በየ800 ሄክታሩ የገበሬ ማኅበር ይቋቋም ተባለ። እርስዎም ገና አፍላ ጎረምሳ ሆነው ስምዎ በማኅበሩ መዝገብ ላይ ሰፈረ። መዝገቡ ላይ የሰፈረው ሰው ወለደ፤ የወለደውም ወለደ፤ መሬቱ ግን ያው ያኔ የተለካው ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 አርሶ አደር መሬት በነፃ የማግኘት መብት አለው ይላል። መብቱ በወረቀት ላይ አለ፤ በእኛ አገር ግን ቀበሌው ለክቶ የሚሰጠው ባዶ መሬት የለውም። ልጆቹ ቀና ብለው ሲያዩ ሳይታረስ የቀረ ሆኖ የሚታያቸው ጓሳ ነው። ይህን ሳንቀበል የምንመልስላቸው መልስ ሁሉ ስድብ ሆኖ ይሰማቸዋል።

ቢሆንም ጓሳ መታረስ የለበትም። ወንድሜ፣ ይህን የምልህ ለአንተ ነው፤ ለአባባ አይደለም፤ እሳቸው ያውቁታል።

ከቤታችን በላይ ዳገቱ ላይ ያለችውን የተተወች ማሳ ታስታውሳታለህ። ጎረቤታችን ጓሉን እየከመረ፣ ከሥሩ እሳት እየለኮሰ፣ አፈሩን አቃጥሎ ገብስ ዘራባት። የመጀመሪያው ዓመት እውነትም አማረ፤ ሰው ሁሉ እየሄደ ያያት ነበር። በሁለተኛው ዓመት ዛላው ፍሬ አልቋጠረም። በሦስተኛው ውርጭ መታው። ከዚያ ወዲያ ያች ማሳ በሬ አልገባባትም፤ ክረምት በመጣ ቁጥር ጎርፉ አፈሯን እየጠረገ ታች ያለውን የባቄላ እርሻ ደለል አለበሰው። ያች ማሳ ደግሞ ከጓሳው ዝቅ ያለች ናት። ጓሳ ከ3,200 ሜትር ተነሥቶ እስከ 3,700 ሜትር የሚደርስ ብርድ ምድር ነው። ድርሻህን ሸንሽነው ቢሰጡህ ሁለት ክረምት ታመርትበታለህ፤ ከዚያ በኋላ እርሻም ሣርም የሌለህ ትሆናለህ።

ሣሩ ሲታጨድ ሥሩ መሬት ውስጥ ይቀራል፤ ተመልሶ ያቆጠቁጣል። ማረሻ ሲገባበት ግን ሥሩ ይገለበጣል። የቤታችንን ክዳን ስታድሱ አንተ ነዶውን ከታች ስትወረውር አባባ ከላይ ተቀብለው እየደራረቡ ሲያስሩት፣ ማሰሪያው ገመድ ራሱ ከዚያው ከጓሳ ሣር የተገመደ ነበር። ክዳኑም፣ ገመዱም፣ እረኛ ዝናብ የሚያመልጥበት ገሳም ከአንድ ሜዳ ነው የሚመጣው። ውኃውም እንደዚያው ነው። የጓሳው ጀርባ ውኃ የሚከፋፈልበት ነው፤ ከፊሉ በጀማ ወንዝ በኩል ወደ አባይ ይወርዳል፣ ከፊሉ ቁልቁል ወደ አዋሽ ይሄዳል። በጋውን ሙሉ እማዬ የምትቀዳባት ምንጭ የማትደርቀው ከላይ ሣሩ ዝናቡንና ጉሙን ይዞ በዝግታ ስለሚለቀው ነው።

ስለ አውሬው ብዙ አልልም፤ ሆዱ ለራበ ሰው ስለ ቀበሮ ማውራት ደግ አይደለም። ግን ልብ በሉ፤ ቀይ ቀበሮ በዓለም ላይ የቀረው ከ500 በታች ነው፤ ያ ሁሉ ያለው እዚሁ ኢትዮጵያ ውስጥ ሲሆን፣ ከፊሉ የእኛን ፍልፈልና አይጥ እያደነ ጓሳ ላይ ይኖራል። ጭላዳውም ከኢትዮጵያ ውጭ የለም። ልጆቼ ይህን ሲሰሙ አያታቸው ጠባቂ መሆናቸውን ለክፍል ጓደኞቻቸው ይናገራሉ። እኔም በእርስዎ እኮራለሁ።

አሁን ወደ እርስዎ ልመለስ፣ አባባ። ጓሳን ለማዳን ስለ ቄሮው ሥርዓት፣ ማለትም ስለ ጥንቱ የሣር ጥበቃ ሕጋችን መናገር እንደሚወዱ አውቃለሁ፤ እኔም ስሰማው አልጠግብም። በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን እንደ ተጀመረ የሚነገረው ያ ሕግ፣ ሣሩ እስኪደርስ ሦስትም አምስትም ዓመት ሜዳውን ዘግቶ ያቆየው ነበር። ሲደርስ በበጋው ይከፈታል፤ ክረምቱ ሲገባ በሐምሌ አቦ ተመልሶ ይዘጋል። አለቆቹን ሕዝቡ ይመርጣቸዋል፤ ጥበቃውም በተራ ነው። ተራውን ያልጠበቀ ሰው ምን ይደርስበት እንደነበር እርስዎ ሲያወሩን እንፈራ ነበር። እንዲህ ያለ ሥርዓት የመሠረተ ሕዝብ ልጅ በመሆኔ ደስ ይለኛል።

ነገር ግን ያ ሥርዓት ለምን ፈረሰ? ይህን ጥያቄ ሲያልፉት ሁልጊዜ ይከነክነኛል። ቄሮው የሚቆጥረው በአጽመ ርስት ነበር። የቀደምት አባቶቻችን የአስቦ ወይም የጌራ ዘር ነኝ ብሎ የሚቆጥር ሰው ሣሩንም ጥበቃውንም ይካፈላል፤ አብሮት እየኖረ ዘር መቁጠር የማይችል ግን ከሜዳው ዳር ቆሞ ያያል። የ1967ቱ አዋጅ ሲመጣ እነዚያ ሰዎች «ለእኛም ነው» አሉ። እውነት አላቸው፤ ለእነርሱም ነበር። ሆኖም እንዲጠብቁት ማንም ጠርቷቸው ስለማያውቅ የሚጠብቁበት ምክንያት አልነበራቸውም። የቀድሞዎቹም ባለ ርስቶች «አሁንማ የማን ሆኖ ነው» ብለው እጃቸውን ሰበሰቡ። ከብቱ ዓመቱን ሙሉ ገባበት፤ ሣሩ ሳይደርስ ታጨደ። ሜዳው እንደገና ያገገመው በየገበሬ ማኅበሩ ተወካይ ተመርጦ፣ ዘር ሳይቆጠር ነዋሪው ሁሉ የሚወከልበት ኮሚቴ ሲቋቋም ነው። የአያቶቻችን ሥራ ትልቅ ነው፤ ለእኔ ግን ከእርሱ የሚበልጠው ይህኛው ነው፤ በሩን ከፍቶ ጥበቃውን ያቆየው የእናንተ ትውልድ ነውና።

ያኔ ከሜዳው ዳር ቆሞ የሚያየው ከሌላ ዘር የተወለደው ነበር። ዛሬ ዳር ቆሞ የሚያየው የገዛ ልጅዎ ነው። ሣሩ ሲከፈት ድርሻው በእርስዎ ስም ነው፤ ጎጆ ስላልወጣ የራሱ የለውም። ኮሚቴ ሲመረጥ የሚጠሩት ሽማግሌዎች ናቸው። ሴቶቹማ፣ ውኃውን የሚቀዱትና ማገዶውን የሚለቅሙት እነርሱ ሆነው ሳለ፣ ሲናገሩ የሚሰማቸው ስንቱ ነው? እንዲህ ሆኖ ወጣቱ ጓሳን እንደ ራሱ ንብረት እንዲያይ መጠበቅ ከባድ ነው።

ስለዚህ ወረዳው የሽማግሌዎችን ቃል ሲጠይቅ «አይታረስ» ብለው ብቻ እንዳይቀመጡ እለምንዎታለሁ። «አይታረስ፤ ነገር ግን ዕድሜው የደረሰ ልጅ ሁሉ፣ ጎጆ ወጣም አልወጣም፣ በሣሩ ላይ በስሙ ድርሻ ይኑረው፤ ከየቀበሌው ወጣትና ሴት በኮሚቴው ይቀመጡ፤ ጥበቃ ሲቀጠር መሬት የሌለው ይቅደም» ይበሉ። ይህ ከእርስዎ አፍ ሲወጣ ይሰማል። ከወጣቶቹ አፍ ቢወጣ ግን «ለጥቅማቸው ነው» ይባላል።

ከወረዳው ብዙ ገንዘብ አይጠብቁ። ከ1994 ጀምሮ ለየወረዳው ጥቅል በጀት እየተመደበ ቢመጣም፣ አብዛኛው ለመምህሩ፣ ለጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋና ለግብርና ባለሙያው ደመወዝ ነው የሚውለው፤ ያም ቢሆን ደግ ነው። ለወጣቱ ሥራ የሚተርፈው ትንሽ ነው። በጉ ግን አለ። በመሐል ሜዳና በሞላሌ የደብረ ብርሃን ግብርና ምርምር ማዕከል ከገበሬው ጋር የመንዝን በግ ዝርያ ሲያሻሽል ቆይቷል፤ አውራውን በግ የሚመርጡት ገበሬዎቹ ራሳቸው ናቸው፤ የተመረጠውንም በቡድን ይጠቀሙበታል። ወንድሜ በጓደኞቹ ስም ሄዶ ቢጠይቅ ደስ ይለኛል። በግ ከእርሻ ያነሰ መሬት ይበቃዋል፤ ለሚያደልብ ሰው ደግሞ ለፋሲካ ጥሩ ዋጋ ያወጣል።

የመጨረሻው ነገር የቤታችን ነው። አባባ፣ ሕዝቡን «ለልጆቻችሁ ቦታ ስጡ» ለማለት መጀመሪያ ከቤት መነሣት አለብን። ከወንዙ ማዶ ያለውን ማሳ በሕይወት እያሉ ለወንድሜ በስጦታ ያስተላልፉለት። ሕጉ ይፈቅዳል፤ በግብርና ለሚተዳደር ልጅ ይዞታን በስጦታ መስጠት ይቻላል። በቃል ብቻ እንዳይቀር ግን አደራ፤ በቃል የተሰጠ መሬት ወንድምና እኅት ፍርድ ቤት እንዲካሰሱ ሲያደርግ አይተናል። በቀበሌው የመሬት ኮሚቴ በኩል ወደ ወረዳው የመሬት ጽሕፈት ቤት ሄዶ ይመዝገብ፤ በስሙም ደብተር ይውጣለት።

እማዬንም ሳይጠይቁ አይጀምሩ። የይዞታ ደብተሩ ላይ የእርስዎ ፎቶግራፍ ብቻ አይደለም ያለው፤ የእርሷም አለ፤ ያለ እርሷ ፈቃድ አይሆንም። መቼም እርሷ እምቢ አትልም፤ ግን ሲጠየቁና ሳይጠየቁ ልዩነቱ ብዙ ነው።

እኔ በበኩሌ በዚያ ማሳ ላይ ነገ ከነገ ወዲያ የውርስ ጥያቄ አላነሣም። ታናሽ እኅቴንም አነጋግሬያታለሁ፤ «የኔንም ጨምሪው» ብላኛለች። ይህን የምናደርገው ወንድ ስለሆነ አይደለም። መንደሩ ውስጥ የቀረው፣ በሬውን የሚጠምደው፣ እናንተንም የሚጦረው እርሱ ስለሆነ ነው። መሬቱን ይዞ የቀረው አንዷ እኅቴ ብትሆን ኖሮ ለእርሷም ይህንኑ እጽፍ ነበር። ለምዝገባው ፊርማችን የሚያስፈልግ ከሆነ ለፋሲካ ስንመጣ አብረን ወረዳ እንሄዳለን።

የደም ግፊት መድኃኒትዎን በመኪና ልኬዋለሁ፤ መሐል ሜዳ መናኸሪያ ወንድሜ ይቀበል። ጠዋት ጠዋት አንድ ፍሬ ነው፤ ጾም ነው ብለው እንዳይተውት። ለእማዬ የጉልበት ቅባት አብሮ አለ። ለንስሐ አባታችንና ለጎረቤቶቹ ሁሉ ሰላምታዬን ያድርሱልኝ። ስብሰባው መቼ እንደሆነ ሲታወቅ ወንድሜ ይደውልልኝ።

ልጅዎ