ግላሱን ገልጣችሁ እዩት

ይድረስ ለጋዜጣው አዘጋጆች

ሰላም ናችሁ? ስለ ፈረስ ግልቢያ ያወጣችሁትን አነበብኩት፣ ፎቶውም ያምራል፣ ግላሱ (ፈረሱ የሚለብሰው የጌጥ ልብስ) ጥልፉ ምኑ... ግን የኔ ዓይን ኮርቻው ላይ ነው የቀረው፣ የፊቱ እንጨት የፈረሱ ጫንቃ ላይ ቁጭ ብሏል። እኔ ሱሉልታ ነው ያለሁት፣ ቅዳሜና እሁድ ከከተማ ለሚመጡ ሰዎች ፈረስ አከራያለሁ፣ ሰው ልወቅስ አይደለም የምጽፈው፣ ራሴም አጥፍቻለሁ።

አንድ ዳማ ፈረስ አለኝ። ኮርቻ ይዤ ስጠጋ ጆሮውን ወደኋላ ይለጥፋል፣ የሆዱን ጠፍር ሳጠብቅ ዞሮ ሊነክሰኝ ይላል፣ እኔ ደሞ አመለኛ ነው ብዬ አለንጋ አበዛሁበት። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ይባል የለ፣ የኔ ተገላቢጦሽ ሆነ፣ ጥፋቱ የዳውላው ሆኖ አህያውን ደበደብኩ። ቆይቶ ጋማው የሚያልቅበት ጉብታ ላይ ግራና ቀኝ ነጭ ፀጉር አበቀለ፣ ሳንቲም ሳንቲም የሚያክል። ደንበኞች "ውይ ሲያምር፣ ተፈጥሮው ነው?" ሲሉኝ አዎ እል ነበር (አሁን ሳስበው አፍራለሁ)። ለካ ኮርቻው እየተጫነው ቆዳው ተጎድቶ ፀጉሩ ቀለሙን አጥቶ ነው። ያ ሲብስ ነው እንግዲህ የሚገጠበው።

ኮርቻ የሚሠሩ አንድ አባት ጋ ወሰድኩት። ገና ሲያዩት "ልጄ፣ ይሄን የገዛኸው ለተቀማጩ ነው ለፈረሱ?" አሉኝ። የኛ ኮርቻ ውስጡ እንጨት ነው፣ ቆዳው ከላይ ነው፣ እንጨት ደሞ ለማንም ብሎ አይሰፋም፣ እኔ ግን አንዱን ኮርቻ አራት ፈረስ ላይ አፈራርቀዋለሁ። ወፈር ያለ የመብራት ሽቦ አስመጡኝና ከትከሻው አጥንት ኋላ ጀርባው ላይ አጥፈው ቅርጹን ካርቶን ላይ አሰመሩት፣ ከኮርቻው ጋር ሲያስተያዩት ኮርቻው ሁለት ጣት ይጠባል። እኔ ደሞ ከስር ብርድ ልብስ ስደርብለት የረዳሁት መስሎኝ ነበር! ጠባብ ጫማ ላይ ሁለት ካልሲ ማለት ነው።

ሰው ተቀምጦበት በጉብታውና በኮርቻው መሀል ሁለት ሶስት ጣት ካልገባ ይቅርባችሁ። ጠፍሩም ከፊት እግሩ ክርን አንድ መዳፍ ያህል ወደኋላ ይሁን። ሌላው፣ ግልቢያው ሲያልቅ ኮርቻውን አውርዱና ላቡን እዩ፣ ጀርባው ሁሉ ረጥቦ አንድ ቦታ ብቻ ደረቅ ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ እዛ ጋ ነው የሚጫነው።

የጋሪ ፈረሶችማ አይወራም፣ ማዳበሪያ ውስጥ ጭድ ጠቅጥቀው ጀርባው ላይ፣ በጎማ ከመነዳሪ ጥፍር አድርገው ያስሩታል፣ ልጓሙ ከፌሮ ብረት። ኑሮው እንደሆነ ይገባኛል፣ ግን ቴዎድሮስን አባ ታጠቅ ምኒልክን አባ ዳኘው እያልን ንጉሡን በፈረሱ ስም የምንጠራ ሰዎች እኮ ነን።

አሁን ጥምቀት ሲመጣ ጃንሜዳ ሄዳችሁ ያጌጠ ፈረስ ታነሳላችሁ አይደል፣ እባካችሁ ፎቶ አንሺያችሁ ትንሽ ይታገስና ኮርቻው ሲወርድ ጀርባውንም ያንሳልን። ቢሾፍቱ ካሉት የእንስሳት ሐኪሞችም አንዱን ብታናግሩ ከኔ የተሻለ ያስረዷችኋል።

አንባቢያችሁ፣ ከሱሉልታ