ወጣቱን ከመውቀሳችሁ በፊት

ሰላም አዘጋጆች፣ ስለ ቤተሰብ አመሰራረትና ስለ ወሊድ መቀነስ ያወጣችሁትን አንብቤ ዝም ማለት አቃተኝ። "የዛሬ ወጣት ራስ ወዳድ ነው" ብሎ መገላገል ቀላል ነው፣ ሶሺዮሎጂስቶቹ የሚያሳዩት ግን ሌላ ነው፤ በብዙ ሀገር ሰው ስንት ልጅ ትፈልጋለህ ሲባል አሁንም ሁለት አካባቢ ነው የሚለው፣ የሚወልደው ግን ከዛ ያንሳል። እና መሀል ላይ ምን ያዘው ነው ጥያቄው።

ትውልድ ራሱን እንዲተካ በአማካይ ለአንዲት ሴት 2.1 ልጅ ያስፈልጋል፣ ደቡብ ኮሪያ እ.ኤ.አ. በ2023 ወደ 0.72 ወርዳለች። እዛ ሳይጋቡ መውለድ ብርቅ ስለሆነ ሰርግ ሲዘገይ ልጁም ይዘገያል፣ ፈረንሳይ ግን ከግማሽ በላይ የሚወለዱት ካልተጋቡ ወላጆች ነው፣ ስለዚህ ሁሉንም በአንድ ሙቀጫ አትውቀጡ።

ደግሞ (ይሄን ጋዜጠኞች ሁሌ ትዘሉታላችሁ) ሴቶች የመጀመሪያውን ልጅ ወደ ሰላሳዎቹ ሲገፉት የዓመቱ የወሊድ ቁጥር ይወርዳል፣ ከፊሉ መዘግየት እንጂ መቅረት አይደለም። ግን የዘገየው ሁሉም አይመጣም። አንዲት ሴት ቋሚ ስራ ስትጠብቅ፣ ለቤት ስትቆጥብ ዓመታት ይሄዳሉ፣ ከዛ ስትወልድ ከቢሮ የምትቀረው እሷ፣ ልጁን ሲያተኩሰው የሚደወለው ለእሷ፣ ባልየው ደግሞ "አግዛታለሁ" ይላል፣ የጎረቤት ልጅ ይመስል! ሁለተኛው ልጅ የሚቀረው እዚህ ጋ ነው ባይ ነኝ።

በሚቀጥለው እትም እስቲ ወንዶቹንም ጠይቁልን፣ ሁሌ ሴቶቹ ብቻ ናቸው ለምን አልወለድሽም የሚባሉት።

አንባቢያችሁ