ስለ ሠዓሊው ኤድቫርድ ሙንክ ትምህርትና ስለ ሙዚየም ጉብኝቱ ለወላጆች የተላከ ደብዳቤ

ለተከበራችሁ ወላጆችና አሳዳጊዎች፣

ከ9 እስከ 12 ዓመት ያሉ የቅዳሜ አማርኛ ትምህርት ቤታችን ተማሪዎች በመጪው ወር ስለ ኖርዌያዊው ሠዓሊ ኤድቫርድ ሙንክ ይማራሉ። በወሩ ሁለተኛ ቅዳሜም ኦስሎ፣ ቢዮርቪካ የሚገኘውን የሙንክ ሙዚየም ይጎበኛሉ። አስቀድማችሁ ልታውቋቸው የሚገቡ ነገሮች ስላሉ ይህን ደብዳቤ ልከንላችኋል። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

በመጀመሪያ የምናነሣው ከባዱን ነገር ነው። ሙንክ በ1863 ተወለደ፤ ገና አምስት ዓመቱ ሳለ እናቱ በሳንባ ነቀርሳ ሞተችበት። በ1877 ደግሞ ታላቅ እህቱ ሶፊ በ15 ዓመቷ በዚያው በሽታ አረፈች። «የታመመችው ልጅ» የተባለው ሥዕል የመጣው ከዚህ ኀዘን ነው። ይህን ታሪክ ለልጆቹ አንደብቅም፤ ያለ እሱ የሥዕሎቹ ነገር አይገባቸውምና። በቅርቡ ኀዘን የደረሰበት ቤተሰብ ካለ ግን ለክፍሉ መምህር አስቀድሞ ይንገርልን፤ ልጁን መምህሩ በዚያ ሰዓት ከአጠገቡ አይለየውም። በአዳራሾቹ ውስጥ የእርቃን ሥዕሎችም እንዳሉ እወቁልን።

ልጆቹ ኀዘኑን ብቻ ይዘው እንዲመለሱ አንፈልግም። ይህ ሰው ከ60 ዓመት በላይ ያለ ማቋረጥ ሠርቷል። «የታመመችው ልጅ»ን ለመጀመሪያ ጊዜ ሲሥል ቀለሙን እየፋቀና እየቧጨረ፣ እንደገና እየቀባ አንድ ዓመት ያህል ለፋበት። በ1886 ለሕዝብ ሲያሳየው ያላለቀ ሥራ ነው ተብሎ ተሣቀበት። እሱ ግን አልተወውም፤ በ40 ዓመት ውስጥ ያንኑ ሥዕል ስድስት ጊዜ ሣለው። በ1892 በርሊን ላይ የከፈተው ትርኢት በተቃውሞ በአንድ ሳምንት ተዘጋ፤ ስሙ በጀርመን የገነነው ግን ከዚያ ወዲህ ነው። በ1908 አእምሮው ታውኮ ኮፐንሃገን ውስጥ ለወራት ከታከመ በኋላ ወደ አገሩ ተመልሶ፣ በ1916 በኦስሎ ዩኒቨርሲቲ የክብር አዳራሽ የተመረቁትን ታላላቅ ሥዕሎች ሠራ። ከእነሱም መካከል «ፀሐይ» ወደ 8 ሜትር ይሰፋል። ልጆቻችሁ ይህንን የሕይወቱን ክፍል ቢያውቁልን ደስ ይለናል፤ ብዙ ጊዜ የሚዘለለው እሱ ነውና።

«ጩኸት» የተባለውን ዝነኛ ሥዕሉን በተመለከተ ብዙ ቤተሰቦች ይደናገራሉ፤ ሙንክ ደጋግሞ ስለሠራው ከአንድ በላይ ነውና። በጣም የታወቀው የ1893ቱ ቀለም ቅብ ያለው ኦስሎ በሚገኘው በኖርዌይ ብሔራዊ ሙዚየም ነው፤ የመጀመሪያው «የታመመችው ልጅ»ም እዚያው ነው። ቢዮርቪካ ያሉት ሌላ ቀለም ቅብ፣ የክራዮን ሥዕልና የድንጋይ ኅትመቱ ሲሆኑ፣ ከብርሃን ጉዳት ለመጠበቅ በየተራ ይታያሉ። ስለዚህ ልጁ የሚያየው አንዱን ብቻ ሊሆን ይችላል፤ እንዳይከፋው ከወዲሁ ንገሩት። ቀለም ቅቡና የክራዮን ሥዕሉ በካርቶን ላይ የተሠሩ ስለሆኑ በቀላሉ ይጎዳሉ። በ2020 የወጣ ጥናት እንዳሳየው በአንደኛው ላይ ያለው ካድሚየም ቢጫ የተባለ ቀለም እየነጣና እየተፈረፈረ ያለው በዋናነት በእርጥበት ምክንያት ነው። የተመልካች ትንፋሽም እርጥበት አለው። ስለዚህ «ራቅ ብላችሁ ቁሙ» ስንላቸው ምክንያቱን እንነግራቸዋለን። ፍላሽ ክልክል ነው፤ ቦርሳ ውጭ ይቀራል።

ከጉብኝቱ ቀጥሎ ባለው ቅዳሜ የሙንክን የኅትመት ዘዴ እንሞክራለን። እሱ የእንጨቱን ሰሌዳ በቀጭን መጋዝ ቆራርጦ፣ እያንዳንዱን ቁራጭ በየራሱ ቀለም ቀብቶ፣ መልሶ ገጣጥሞ በአንድ ጊዜ ያትም ነበር። እኛ በእንጨት ፈንታ 2 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያለው፣ 15 በ20 ሴንቲ ሜትር የሆነ ካርቶን እንጠቀማለን። ልጁ ሥዕሉን በካርቶኑ ላይ እየጫረ ይነድፋል፤ ከሦስት ላልበለጠ ቁራጭ ይከፍለዋል (ምላጩን የሚይዘው መምህሩ ነው)። ቁራጮቹ ቀለም እንዳይመጥጡ በቫርኒሽ ይቀቡና ይደርቃሉ። ከዚያ ቀለሙ በሮለር በስሱ ይቀባል፤ ቁራጮቹ ይገጣጠማሉ፤ ወረቀት ይደረብባቸውና በእንጨት ማንኪያ ጀርባ ከመሃል ወደ ዳር ይታሻሉ።

ብዙ ጊዜ የሚያበላሸው ቀለም ማብዛት ነው፤ ጭረቱን ሞልቶ ሥዕሉን ያጠፋዋል። ሮለሩ ሲንከባለል ስስ የመንሾካሾክ ድምፅ ካሰማ ልኩ ነው፤ ከተንጨቀጨቀ በዝቷል። ከቆየ ደግሞ በውሃ የሚበጠበጠው ቀለም ይደርቅና ወረቀቱ ላይ አይወጣም፤ ስለዚህ ሁሉም ቁራጭ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ መቀባት አለበት። በቁራጮቹ መካከል የሚቀረው ነጭ መስመር ግን ስሕተት አይደለም፤ በሙንክ ኅትመቶችም ላይ ይታያል። ስሙን በፊደል መጻፍ የሚፈልግ ልጅ ገልብጦ መጻፍ አለበት። ካልሆነ የ«ሉ» ቅጥያ በግራ በኩል ይወጣል። መጀመሪያ በስስ ወረቀት ጽፎ፣ ወረቀቱን ገልብጦ በካርቶኑ ላይ ቢያስተላልፈው ይቀልለዋል።

ለዚያ ቀን አሮጌ ሸሚዝ ወይም ሽርጥ፣ አንድ የእንጨት ማንኪያና ያልተጨማደደ የእህል ቁርስ ካርቶን (ለመለማመጃ) ላኩልን። ቀለሙን፣ ሮለሩንና ዋናውን ካርቶን ትምህርት ቤቱ ያቀርባል። ለጉብኝቱ አብረው የሚሄዱ ሁለት ወላጆች ያስፈልጉናል። የፈቃድ ቅጹን ፈርማችሁ እስከ መጪው ቅዳሜ ለክፍሉ መምህር መልሱ።

ከአክብሮት ጋር፣
የትምህርት ቤቱ ዳይሬክተር