የካርድ ማቀፊያ ይሸጥ ስለነበረው ልጅ

ልጄ፣ እንደምን ሰነበትክ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን።

እህትህ ሁሉን ነገረችኝ። ሬዲዮ ጣቢያው ለፈተና ጠርቶህ፣ ሥራህን ሲጠይቁህ "የስልክ ከቨር እሸጣለሁ" ማለት አፍረህ ዝም አልክ አሉ። ይህን ስሰማ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ተነስቼ ይህን እጽፍልሃለሁ።

ሲልቪዮ ሳንቶስ የሚባል ብራዚላዊ ነበር። ቤተሰቡ ያወጣለት ስም ሴኞር አብራቫኔል ነው። አባቱ ከተሰሎንቄ፣ እናቱ ከኢዝሚር የተሰደዱ አይሁዶች ናቸው። እሱ በ1930 እ.ኤ.አ. ሪዮ ዴ ጄኔሮ ተወለደ።

በ14 ዓመቱ መንገድ ላይ ወጣ። አገሩ ለምርጫ ስትዘጋጅ ነበርና ሰው ሁሉ የመራጭነት ካርድ ያወጣል። እሱ ደግሞ የካርዱን የፕላስቲክ ማቀፊያ ይሸጣል። ልክ እንደ አንተ ከቨር! ሰው እንዲከበው በሳንቲም ትርዒት ያሳያል፣ ይጣራል፣ ያስቃል። ደንብ አስከባሪው ምሳ ሲወጣ ነው ገበያው የሚደራው።

አንድ ቀን ተያዘ። የደንብ አስከባሪዎቹ ኃላፊ ግን ድምፁ ገረመውና ሬዲዮ ጓናባራ ሄዶ እንዲፈተን ላከው። ተፈተነ፣ አንደኛ ወጣ። ወር ገደማ ሠርቶ ትቶት ወደ መንገዱ ተመለሰ። መንገዱ ይበልጥ ይከፍለው ነበራ! ይቺን ቦታ ደጋግሜ አነበብኳት።

በኋላ ከሪዮ ማዶ ወዳለችው ከተማ፣ ኒተሮይ፣ በሚመላለሰው ጀልባ ላይ ድምፅ ማጉያ ሰቀለ። ሙዚቃ ያሰማል፣ ማስታወቂያ ያነባል፣ መጠጥ ይሸጣል። ከዚያ ሳኦ ፓውሎ ገባ። ከ1963 ጀምሮ በስሙ የሚጠራ የእሁድ የቴሌቪዥን ፕሮግራም ነበረው፤ እሁድን ከጠዋት እስከ ማታ የያዘበት ዘመንም ነበር። በ1981 የራሱን ቴሌቪዥን ጣቢያ፣ ኤስቢቲን፣ ከፈተ። በ1989 ለፕሬዚዳንትነት ሊወዳደር ተነስቶ የምርጫ ፍርድ ቤቱ ሰርዞታል።

ሁሉን ነገሩን ወድጄለት አይደለም። የብር ኖት እንደ ወረቀት አውሮፕላን አጣጥፎ ለተመልካች ይወረውር ነበር። ሰው ለገንዘብ ሲሻማ ማየት ልቤ አይችለውም። ድምፁ ግን ያው የመንገዱ ድምፅ ነበር። ሚሊየነር ሆኖም ሰውን የሚያናግረው ማቀፊያ እንደሚሸጥለት ሰው ነው፤ በስሙ ጠርቶ፣ ከየት እንደመጣ ጠይቆ፣ አስቆ። ይህን ማንም ትምህርት ቤት አላስተማረውም።

በነሐሴ 2024 በ93 ዓመቱ ሞተ። አስከሬኑ ለሕዝብ ሳይቀርብ በአይሁድ ሥርዓት ተቀበረ። ራሱ እንዲህ ይሁን ብሎ ነበር። በሕይወት እያለሁ አክብሩኝ፣ ስሞት በደስታ አስታውሱኝ ማለቱ ነው።

ቅዳሜ አዲስ አበባ እመጣለሁ። እህትህ ከቨር የምትዘረጋበትን ጥግ ነግራኛለች። መጀመሪያ ራቅ ብዬ ቆሜ ስትጣራ እሰማሃለሁ፤ ከዚያ ነው የምስምህ። ለእኔም ስልክ አንድ ከቨር አስቀምጥልኝ። ጥቁሩን።

አባትህ